ፖሊስ መልቀቂያ ሲፈርም

በኢትዮጵያ የሙከራ ጊዜውን የጨረሰ ሠራተኛ ሥራው ካልተመቸው የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ይለቃል። የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ይህን ይፈቅዳል። ይኸው አዋጅ ግን የፖሊስ አባላትን አይመለከትም፤ እነሱ የሚተዳደሩት በራሳቸው ልዩ ሕግ ነው። በሌሎች አገሮችም ፖሊስ እንደ ማንኛውም ተቀጣሪ አይለቅም። ሕንድ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ1861 የወጣው የፖሊስ ሕግ ያለ አለቃ ፈቃድ ወይም ያለ ሁለት ወር የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ሥራውን ጥሎ የሄደን ፖሊስ እስከ ሦስት ወር እስራት ሊያስቀጣው ይችላል። ጥበቃና ሰላም በአንድ ሰው ስሜት ድንገት መቋረጥ ስለሌለበት፣ ገደቡ ምክንያት አለው።

ከባዱ ክርክር የሚነሣው ግን ፖሊሱ መሄድ ሳይፈልግ መልቀቂያ ሲያስፈርሙት ነው።

በሰሜን ዌልስ በሙከራ ላይ የነበረ አንድ ኮንስታብል ላይ ወሬ በዛበት። የአጎቱን የቀድሞ ሚስት ማግባቱና አንድ ውሻ ብቻ በሚፈቀድበት የማዘጋጃ ቤት መኖሪያ አራት ውሾች ማሳደጉ ለዋና አዛዡ ደረሰ። አዛዡ አስጠርተው ወይ እንዲለቅ ወይ እንደሚሰናበት ነገሩት። ምን እንደተባለበት በዝርዝር አልተነገረውም፤ መልስ የሚሰጥበት ዕድልም አላገኘም። መልቀቂያውን አስገባ፣ ከዚያም ፍርድ ቤት ሄደ። ያኔ የመጨረሻው ይግባኝ ሰሚ የነበረው የብሪታንያ የጌቶች ምክር ቤት እ.ኤ.አ. በ1982 ኮንስታብሉ የለቀቀው ሕግ ተጥሶበት መሆኑን ወሰነ። በሕገወጥ መንገድ የተሰናበተ ሰው የሚያገኘው መብት ሁሉ ይገባዋል አለ። ወደ ሥራው እንዲመለስ ግን አላዘዘም። ፈረደለት፤ የደንብ ልብሱን ግን አልመለሰለትም።

የብራይተን ፖሊስ ዋና አዛዥ የነበሩት ቻርልስ ሪጅ ደግሞ የታገሉት ለመልቀቅ ነበር። ከተከሰሱበት ወንጀል እ.ኤ.አ. በ1958 ነጻ ቢወጡም፣ የከተማው ኮሚቴ ሳይሰማቸው አሰናበታቸው። በገዛ ፈቃዳቸው ቢለቁ ጡረታቸው ይጠበቅላቸው ነበር፤ ሲሰናበቱ ግን ያጡታል። እ.ኤ.አ. በ1963 ያው የጌቶች ምክር ቤት ሰውየው ሳይሰሙ የተሰጠው ውሳኔ የማይጸና ነው ሲል ፈረደላቸው።

መልቀቂያ ከተጠያቂነት ማምለጫም ሊሆን ይችላል። በእንግሊዝና በዌልስ በከባድ ጥፋት እየተመረመሩ የሚለቁ ፖሊሶች ነበሩ። ከታኅሣሥ 2017 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ግን ፖሊሱ ቢለቅም የዲሲፕሊን ጉዳዩ ሊቀጥል ይችላል። ሊያስባርር የሚችል ጥፋት ከተረጋገጠበት ስሙ በታገዱት ዝርዝር ይገባል፤ ወደ ፖሊስ ሥራ አይመለስም። ይህ ተገቢ ነው፤ ሕዝብ በጥፋት የተመረመረ ፖሊስ ጉዳይ መጨረሻው ምን እንደሆነ የማወቅ መብት አለው።

የኮንስታብሉና የሪጅ ጉዳይ የሚያስተምረው ግን አንድ ነው፦ መልቀቂያ ዋጋ የሚኖረው ፈራሚው የሚፈርመውን አውቆ፣ ተሰምቶና በፈቃዱ ሲፈርም ነው። ስለዚህ አለቃህ ወረቀት አቅርቦ “ፈርም” ካለህ፣ የቀረበብህ ነገር በጽሑፍ እንዲሰጥህ ጠይቅ። ሳታማክር አትፈርም፤ ከፈረምክም ቅጂውን ያዝ። ተገድደህ ከፈረምክ ደግሞ ሳትውል ሳታድር ተቃውሞህን በጽሑፍ አስገባ። ከፊርማ በፊት የሚጠየቅ አንድ ጥያቄ ከፊርማ በኋላ ከሚመጣ የዓመታት ሙግት ያድናል።