የ1936 ዓ.ም. ሻምፒዮናና ከሰንጠረዡ ውጪ የቀሩት

በኢትዮጵያ የሻምፒዮኖች ዝርዝር መጀመሪያ ላይ የሰፈረው ውድድር የተካሄደው በ1936 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1944) አዲስ አበባ ውስጥ ነው። አምስት ቡድኖች ተካፈሉ፤ ቅዱስ ጊዮርጊስ፣ የአርመኖቹ አራራት፣ የግሪኮቹ ኦሎምፒያኮስ፣ የጣሊያኖቹ ፎርቲቱዶ እና የእንግሊዝ ወታደራዊ ሚሲዮን። ሻምፒዮን የሆነው የእንግሊዙ ቡድን ነበር። ከአምስቱ የኢትዮጵያውያን ቡድን አንዱ ብቻ ነው፤ ሐረርም በሰንጠረዡ ላይ የለችም። ያን ዘመን በሐረር ሆኖ የሚመዘግብ የስፖርት ታሪክ ባለሙያ እንግዲህ «ማን አሸነፈ?» ከማለቱ በፊት «ማን መጫወት ይችል ነበር?» ብሎ መጠየቅ አለበት።

እግር ኳስ አዲስ አበባ ላይ ሥር የሰደደው በውጭ አገር ማኅበረሰቦችና በትምህርት ቤቶች በኩል ነው። አርመኖች፣ ግሪኮችና ጣሊያኖች በየወገናቸው ተቧድነው ይጫወቱ ነበር፤ ተማሪዎችም ጨዋታውን ወደዱት። ታኅሣሥ 1928 ዓ.ም. አየለ አትናሽና ጆርጅ ዱካስ ከአራዳ ወጣቶች ጋር ቅዱስ ጊዮርጊስን መሠረቱ። ክለቡ ግማሽ ዓመት ሳይሞላው የጣሊያን ጦር ዋና ከተማዋን ያዘ።

ሐረርም በዚያው ሰሞን ነው የወደቀችው። መጋቢት 20 ቀን 1928 ዓ.ም. የጣሊያን አውሮፕላኖች ከተማዋን በቦምብ ደበደቡ፤ ሚያዝያ 30 ቀን ደግሞ በጄኔራል ግራዚያኒ የሚመራው የጣሊያን ጦር ገባባት። በግንቦት ወር «የጣሊያን ምሥራቅ አፍሪካ» ሲታወጅ ሐረር ከስድስቱ ግዛቶች የአንዱ መቀመጫ ተደረገች። ወራሪዎቹ ጀጎል ከተባለው በግንብ የታጠረ አሮጌ ከተማ በስተ ምዕራብ፣ ከግንቡ ውጭ የነበረውን ሰፈር የመንግሥት ቤቶችና መኖሪያዎች እየሠሩ አስፋፉት። ጀጎል 48 ሄክታር ብቻ የሚሸፍን፣ ቤት ከቤት የተያያዘበትና መንገዱ ጠባብ የሆነ ከተማ ስለሆነ ለእግር ኳስ የሚበቃ ሜዳ የሚገኘው ከበሮቹ ውጭ ነው። በወረራው ዘመን ከበር ውጭ ያለው መሬት የማን እንደሆነና ማን እንደሚያዝበት መመርመር፣ ኳሱን ማን ይጫወት እንደነበር ለማወቅ የመጀመሪያው ፍንጭ ነው።

የፋሺስት አስተዳደር ስፖርትን ለፖለቲካው መሣሪያ አድርጎ ይዞት ነበር። ጣሊያናውያን ከሥራ ውጭ ያለውን ጊዜያቸውን የሚያሳልፉት ዶፖላቮሮ በተባለው ድርጅት ሥር ሲሆን፣ ለአገሬው ሰው ግን የተለየ የስፖርት ቢሮ ተቋቋመ፤ ኢትዮጵያውያን የሚጫወቱት እርስ በርሳቸው ብቻ ነበር። የቅዱስ ጊዮርጊስም ስም ተሽሮ ክለቡ «ሊቶሪዮ ውቤ ሰፈር» ተባለ፤ ሊቶሪዮ ከፋሺስቱ አርማ የመጣ ስም ነው። ይህ አሠራር ለብቻው የቆመ አልነበረም። በ1929 ዓ.ም. የወጣ የጣሊያን ሕግ ጣሊያናዊ ከአገሬው ሰው ጋር በባልና ሚስት ወግ እንዳይኖር ከልክሏል፤ በከተሞችም የመኖሪያ ሰፈር በዘር እንዲለይ ታቅዶ ነበር። በሐረር ደግሞ ሌላ መከፋፈያ ተጨመረ። አስተዳደሩ ሙስሊሙን ከክርስቲያኑ ለመነጠል ሲል ዐረብኛን በትምህርት ቤት አበረታታ፣ መስጊዶችንም አሠራ። ስለዚህ የሐረር መዝጋቢ የነጭና የጥቁርን ልዩነት ብቻ ይዞ ቢቆም ሥራው ይጎድላል፤ ወራሪው ከተሜውን እርስ በርሱ እንዴት ሊለያይ እንደሞከረም መመርመር አለበት።

ሐረር መጋቢት 1933 ዓ.ም. ከጣሊያን እጅ ወጣች፤ ንጉሠ ነገሥቱም ሚያዝያ 27 ቀን አዲስ አበባ ገቡ። ነገር ግን ነፃነቱ ወዲያው ሙሉ አልነበረም። ጥር 1934 ዓ.ም. በተፈረመው ስምምነት እንግሊዝ የኢትዮጵያን ጦር የሚያሠለጥን ወታደራዊ ሚሲዮን ላከች፤ ኦጋዴንና የጂቡቲው የባቡር መስመርም በእንግሊዝ ጦር ቁጥጥር ሥር ቆዩ። ያ መስመር ለሐረር ቅርብ የሆነው በድሬዳዋ በኩል ነው። የባቡሩ ጉዳይ መልክ የያዘው ታኅሣሥ 10 ቀን 1937 ዓ.ም. በተፈረመው ሁለተኛ ስምምነት ነው። የ1936ቱ ሻምፒዮና በእነዚህ ሁለት ስምምነቶች መካከል የወደቀ ውድድር ነው።

የኢትዮጵያ እግር ኳስ ፌዴሬሽን የተቋቋመው እ.ኤ.አ. በ1943 ነው። ዘመናዊ ስፖርትን በማደራጀት ስማቸው በቅድሚያ የሚነሣው ይድነቃቸው ተሰማም የዚያ ትውልድ ሰው ናቸው። በጣሊያን ጊዜ በቢሮ ትእዛዝ ተለያይተው የነበሩ ወገኖች በ1936 በአንድ ሰንጠረዥ ላይ ሰፈሩ፤ ትናንት ስሙን የተነጠቀው ቅዱስ ጊዮርጊስ በራሱ ስም ተሰልፎ ከጣሊያኖቹ ፎርቲቱዶ ጋር በእኩል ሕግና በአንድ ዳኛ ፊት ቆመ። የውድድሩ ታላቅነት እዚህ ላይ ነው፤ ሻምፒዮኑ እንግሊዝ መሆኑም ይህን ታላቅነት አይቀንሰውም። የዘመኑን የኃይል ሚዛን ግን በግልጽ ያሳያል፤ አሸናፊው ጦሩን ለማሠልጠን የመጣው የባዕድ ጦር ቡድን ነበር።

ቀጥሎ የሚታወቀው ሻምፒዮን እ.ኤ.አ. የ1948ቱ ቀይ ባሕር ነው። የማኅበረሰብ ቡድኖች ዘመን እያለፈ የጦር ሠራዊት፣ የክፍላተ ሀገርና የፋብሪካ ቡድኖች ዘመን መጣ፤ በ1950ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ሐማሴንና አካለ ጉዛይ ሻምፒዮን ሆኑ። የሐረርጌ ጠቅላይ ግዛት ተራ የደረሰው በድሬዳዋ በኩል ነው። እ.ኤ.አ. ከ1960 እስከ 1965 ድረስ ሻምፒዮንነቱ ከድሬዳዋ አልወጣም፤ አራቱን ጊዜ ጥጥ ፋብሪካ፣ ሁለቱን ጊዜ (በ1961 እና በ1964) ኢትዮ ሲሚንቶ ወሰዱት። የድሬዳዋ ሲሚንቶ ፋብሪካ በወረራው ዘመን በጣሊያኖች የተተከለ ነው። ለወራሪው ግንባታ የታሰበ ፋብሪካ ከሃያ ዓመት በላይ ቆይቶ የኢትዮጵያውያን ሠራተኞች ቡድን ስሙን ለብሶ የአገር ሻምፒዮን ሆነበት። የሐረር መዝጋቢ ይህን ሐረግ ከ1936 ጋር አያይዞ ሲጽፍ ነው በዚያ ሰንጠረዥ ላይ የጠፋችው ሐረርጌ ታሪክ የሚያገኘው።

የመዝጋቢው የዕለት ተዕለት ሥራ ግን ከዚህ ሰፊ ታሪክ ይልቅ በትንንሽ ነገሮች ላይ ነው የሚውለው። የመጀመሪያው የዘመን አቆጣጠር ነው። ሐረር ውስጥ አንድ ወረቀት ወይም ፎቶግራፍ ከአራት አቆጣጠሮች በአንዱ ተጽፎ ሊገኝ ይችላል፤ በኢትዮጵያ፣ በአውሮፓ፣ በሂጅራ ወይም ጣሊያኖች ከጥቅምት 1922 (እ.ኤ.አ.) ጀምረው እየቆጠሩ በሮማውያን ቁጥር ይጽፉት በነበረው የፋሺስት ዘመን። እ.ኤ.አ. 1944 እስከ ጳጉሜን ድረስ 1936 ዓ.ም. ነው፤ ከመስከረም ወዲህ ግን 1937 ይሆናል። ያው ዓመት በሂጅራ ከሞላ ጎደል 1363 ነው። ወሩን ሳያውቅ ስምንት የሚቀንስ ሰው አንዱን ውድድር ሁለት ሊያደርገው ይችላል። ጥንቁቅ ባለሙያ የመጀመሪያውን ቁጥር እንዳለ ገልብጦ ቅያሪውን ከጎኑ ያስቀምጣል።

ሁለተኛው ስም ነው። የተጫዋች ስም በአማርኛ፣ በሐረሪ፣ በኦሮምኛ፣ በሶማሊኛ ወይም በዐረብኛ አጠራር ሊነገር፣ በጣሊያን ጸሐፊ እጅ ደግሞ ተጣሞ ሊገኝ ይችላል። የክለብ ስምም ያው ነው። በወረራው ዓመታት «ሊቶሪዮ» ተብሎ የተጻፈውን በዚያው ስም መዝግቦ የማን ክለብ እንደሆነ ማመልከት ይገባል። የተጫነውን ስም መሰረዝ ግፉን ይደብቃል፤ የተጫነውን ብቻ መጻፍ ደግሞ ግፉን ይቀጥላል።

ሦስተኛው የቃል ምስክርነት ነው። በጀጎል ብዙ ነገር የሚገኘው ከቤተሰብ ሣጥንና አፎቻ ከሚባለው የሐረሪዎች መረዳጃ ማኅበር ወዳጆች ወሬ ነው። አንድ ሽማግሌ የአባታቸውን የቡድን ፎቶግራፍ ሲያመጡ ባለሙያው ከውጤት አይጀምርም። ሜዳው በየትኛው በር በኩል እንደነበር፣ ማሊያውን ማን እንደገዛ፣ ዳኛው ማን እንደሆነ፣ ተመልካቹ የት ይቆም እንደነበርና ከእነማን ጋር መጫወት እንደተከለከለ ይጠይቃል። ሰው የጎል ቁጥር ቢረሳም የተባረረበትን ሜዳ አይረሳም። የተነገረው ነገር በሌላ ምስክር ወይም በወረቀት እስኪረጋገጥ ድረስ «ተብሏል» ተብሎ ይቀመጣል።

በዚህ አሠራር የ1936ቱ ሻምፒዮና መዝገብ ቢያንስ አምስት ነገሮችን መያዝ አለበት፤ ዓመቱን በየአቆጣጠሩ፣ አምስቱን ቡድኖች ከነማኅበረሰባቸው፣ ሻምፒዮኑን፣ ከዚያ በፊት በነበሩት አምስት የወረራ ዓመታት ማን ከማን ጋር እንዳይጫወት ተከልክሎ እንደነበር፣ በመጨረሻም የትኞቹ ክፍላተ ሀገር ቡድን ሳያሰልፉ እንደቀሩ። ከእነዚህ አንዱ ከጎደለ መዝገቡ የአሸናፊዎች ዝርዝር ብቻ ሆኖ ይቀራል፤ አምስቱም ሲሟሉ ግን ሐረርን ጨምሮ ያልተጫወቱትም ከተሞች የዚያ ውድድር ታሪክ አካል ይሆናሉ።