የፖኬሞን ዕጣ እንዴት ይወጣል?

ባለፈው እሑድ ለሚ ኩራ ክፍለ ከተማ፣ ሰሚት ኮንዶሚኒየም ወደምትኖረው ታናሽ እህቴ ቤት ቡና ልጠጣ ሄጄ ነበር፡፡ የአሥራ አምስት ዓመት ልጇ ሶፋው ጥግ ኩርምት ብሎ ስልኩ ላይ አቀርቅሯል፡፡ ምን እንደሚጫወት ስጠይቀው፣ "ፖኬሞን ነው ጋሼ፤ ግን ተደበላልቋል" አለኝ፡፡

"ማን ደበላለቀው?"

"እኔ ነኛ!"

በደህና የተሠራ ጨዋታን ሆን ብሎ የሚያፋልስ ሰው ገጥሞኝ ስለማያውቅ ማብራሪያ ጠየቅኩ፡፡ ከአቦል እስከ በረካ አስረዳኝ፡፡ እኔ የሕግ ሰው ነኝ፤ ስለ ቪዲዮ ጌም የማውቀው በጌም ቤት ደጃፍ ሳልፍ የምሰማውን ጩኸት ያህል ነው፡፡ ቤቴ ገብቼ ነገሩን ሳገላብጠው ግን፣ የልጆች ቧልት ነው ብዬ የናቅኩት ነገር እኛ ትልልቆቹ ብዙ የተነታረክንበትን የዕጣ ጉዳይ አሳምሮ የሚያስረዳ ሆኖ አገኘሁት፡፡

ፖኬሞንን ለማያውቁ አንባቢያን ባጭሩ ልግለጽ፡፡ ጃፓናዊው ሳቶሺ ታጂሪ በልጅነቱ ነፍሳትን እያሳደደ መሰብሰብ የሚወድ ሰው ነበር፡፡ አድጎ ጌም ሠሪ ሲሆን ያንን የልጅነት ደስታ ወደ ጨዋታ ለወጠው፡፡ ጌም ፍሪክ የተባለው ኩባንያው የሠራው የመጀመሪያው ፖኬሞን እ.ኤ.አ. ፌብሩዋሪ 27 ቀን 1996 ጃፓን ውስጥ በኒንቴንዶ ጌም ቦይ ላይ ለገበያ ቀረበ፡፡ ተጫዋቹ 151 ዓይነት ፍጡራን ባሉበት ዓለም ውስጥ ይዞራል፤ ከሣር ውስጥ ብቅ የሚሉትን እየያዘ ያሳድጋል፤ ከሌሎች አሠልጣኞች ጋር ያጋጥማቸዋል፡፡ መነሻ ላይ አንድ ፕሮፌሰር ሦስት ፍጡራን ያቀርብለትና አንዱን ያስመርጠዋል፡፡ አንዱ ቅጠል፣ አንዱ እሳት፣ አንዱ ውኃ ነው፡፡

ችግሩ የሚመጣው ጨዋታውን አምስት ጊዜ ከጨረሱ በኋላ ነው፡፡ በመጀመሪያው መንገድ ላይ ፒጂ የምትባል ወፍና ራታታ የሚባል አይጥ እንጂ ሌላ አይገኝም፡፡ የመጀመሪያው ታላቅ ተጋጣሚ ሁልጊዜም ድንጋይ ነው የሚያሰልፈው፡፡ በእርግጥ ዋናው ጨዋታም ቢሆን ዕጣ አለው፡፡ ለእያንዳንዱ የሣር ቦታ አሥር መደቦች ያሉት ሠንጠረዥ ተዘጋጅቶለታል፤ የመጀመሪያዎቹ ሁለት መደቦች እያንዳንዳቸው 20 በመቶ ያህል ዕድል ሲኖራቸው የመጨረሻው ግን 1 በመቶ አካባቢ ነው፡፡ ነገር ግን ዕጣው የሚጣለው ተለይተው በታወቁ ፍጡራን መካከል ነው፡፡ ከ1996 ጀምሮ የተጫወተ ሰው ሠንጠረዡን እንደ ውዳሴ ማርያም በቃሉ ይወጣዋል፡፡

ራንዶማይዘር የሚባለው ፕሮግራም የሚገባው እዚህ ላይ ነው፡፡ የጨዋታውን ፋይል ይከፍትና በውስጡ ያሉትን ሠንጠረዦች ፈልጎ ቁጥሮቹን በዕጣ ይተካል፡፡ ለሙያ ባልደረቦቼ በሚገባ ቋንቋ ልናገር፡፡ የደንቡን አንቀጾች ሳይነካ አባሪውን ብቻ እንደ መለወጥ ነው፡፡ የውጊያው ሕግ፣ ካርታው፣ ታሪኩ ባሉበት ይቆማሉ፡፡ የሚለወጠው የቱ ፍጡር የት እንደሚገኝ፣ ተጋጣሚዎች ምን እንደሚያሰልፉ፣ ማን ምን ዓይነት ጥቃት እንደሚማር ነው፡፡ ተጫዋቹ ከፈለገ እሳት የሚተፋው ፍጡር የውኃ ወገን እስኪሆን ድረስ መሄድ ይችላል፡፡ በዚህ ሥራ ከታወቁት ፕሮግራሞች አንዱ ዩኒቨርሳል ፖኬሞን ራንዶማይዘር ይባላል፤ የተጻፈው በጃቫ ሲሆን ተከታዩ ዜድኤክስ ደግሞ አዳዲሶቹን የኒንቴንዶ 3ዲኤስ ጨዋታዎች ጭምር ያደበላልቃል፡፡

ልብ በሉ፣ መደበላለቅ ማለት ልቅ መሆን ማለት አይደለም፡፡ ሚውቱ የተባለው ኃያል ፍጡር በዋናው ጨዋታ የሚገኘው ሁሉም ነገር ካለቀ በኋላ ዋሻ ውስጥ ነው፡፡ ዕጣው ዝም ብሎ ከተለቀቀ ግን መጀመሪያው ሣር ላይ ቆሞ ሊጠብቅዎት ይችላል፤ ያኔ ጨዋታው ገና ሳይጀመር አለቀ፡፡ ስለዚህ "ጉልበቱ የሚመጣጠን ብቻ ይተካ" የሚል ምርጫ አለ፡፡ ከዚህ የባሰም አለ፡፡ ባሕሩን ለመሻገር ሰርፍ የሚባል ችሎታ የሚማር ፍጡር ያስፈልጋል፡፡ ችሎታውን ማን ሊማር እንደሚችል የሚወስነውም ሠንጠረዥ በዕጣ ከተለወጠና የያዟቸው ሁሉ የማይችሉ ሆነው ከተገኙ፣ ተጫዋቹ የባሕር ዳርቻ ላይ ቆሞ ይቀራል፡፡ ለዚህም መከላከያ አዘጋጅተዋል፡፡ ቁልፍ ዕቃዎችን ሳይቀር የሚያቀያይሩ ሌሎች ራንዶማይዘሮች ደግሞ ቁልፉ በሚከፍተው በር ውስጥ ተቆልፎ እንዳይገኝ አስቀድመው ይፈትሻሉ፡፡ (ይህን ሳነብ አንዳንድ መሥሪያ ቤቶቻችን የሚጠይቋቸው ማስረጃዎች ትዝ አሉኝ፡፡ አንዱን ለማግኘት ሌላውን አምጣ፣ ሌላውን ለማግኘት የመጀመሪያውን አምጣ፡፡)

አጫዋቾቹ በዚህም አልረኩም፡፡ እ.ኤ.አ. በ2010 በአንድ የካርቱን ታሪክ የተጀመረው ነዝሎክ የሚባል ሥርዓት አለ፡፡ በየቦታው መጀመሪያ የገጠመህን ብቻ ያዝ፤ የተሸነፈ ፍጡር እንደ ሞተ ይቆጠር፣ ዳግመኛ አይሰለፍ፡፡ ይህ ሥርዓት ከራንዶማይዘሩ ጋር ሲጋባ ያደረሰህን ተቀብለህ መኖር ይሆናል፡፡ የእህቴ ልጅ እንዲህ ነው የሚጫወተው፡፡ አንድ የሚወደው ፍጡር ሞቶበት ምሳ አልበላም ብሎ እንደነበር እናቱ ነግራኛለች፡፡

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልግባ፡፡ ኮምፒውተር ዕጣ የሚያወጣው እንዴት ነው?

ኮምፒውተር በባሕሪው ዕድል የሚባል ነገር አያውቅም፤ የታዘዘውን ብቻ ይሠራል፡፡ ስለዚህ ዕጣ የሚመስል ነገር የሚፈጥረው በስሌት ነው፡፡ ወረቀትና እስክሪብቶ ያለው አንባቢ አብሮኝ ይሞክር፡፡ ከ7 እንነሳ፡፡ በ5 እናባዛ፣ 3 እንጨምር፣ ውጤቱን ለ16 አካፍለን ቀሪውን እንያዝ፡፡ 38 ይመጣል፣ ቀሪው 6 ነው፡፡ 6ን በዚያው መንገድ ብናስኬደው 1 እናገኛለን፤ ከ1 ወደ 8፣ ከ8 ወደ 11፡፡ 6፣ 1፣ 8፣ 11፡፡ ለማያውቀው ሰው በዘፈቀደ የተጠሩ ቁጥሮች ይመስላሉ፡፡ ከ7 የተነሳ ሰው ግን ዛሬም ሆነ የዛሬ ዓመት፣ አያትም ሆነ ዋሽንግተን ተቀምጦ ያንኑ ያገኛል፡፡ የጨዋታዎቹ ስሌት ቁጥሮቹ እጅግ ትላልቅ ይሁኑ እንጂ ብዙዎቹ የዚሁ ዘመድ ናቸው፡፡ መነሻው ቁጥር ሲድ፣ ማለትም ዘር ይባላል፡፡

ዘሩን ማወቅ ምን ያህል አደገኛ እንደሆነ ራሱ ፖኬሞን አሳይቷል፡፡ እ.ኤ.አ. በ2004 በወጣው ኤመራልድ በተባለው ጨዋታ ውስጥ፣ በሠሪዎቹ ስህተት ምክንያት ማሽኑ በተከፈተ ቁጥር ዘሩ ከዜሮ ይነሳል፡፡ ይህን የደረሱበት ተጫዋቾች ከተከፈተ በኋላ ስንት ሰከንድ ጠብቀው ቁልፉን ቢጫኑ የሚፈልጉት ብርቅ ፍጡር እንደሚወጣ ማስላት ጀመሩ፡፡ ዕድለኛ ይመስላሉ እንጂ ዕጣውን አስቀድመው ያውቁታል፡፡

የሚገርመው ግን ያው ድክመት በሌላ በኩል በረከት መሆኑ ነው፡፡ በተደበላለቀ ፖኬሞን የሚወዳደሩ ሰዎች ዘሩንና የምርጫዎቹን ዝርዝር ይለዋወጣሉ፡፡ ያንኑ ዋና ፋይል፣ ያንኑ የፕሮግራም ቅጂ፣ ያንኑ ዘር የተጠቀሙ ሁለት ሰዎች ፍጹም አንድ ዓይነት ዓለም ይወጣላቸዋል፡፡ "አንተ ቀላል ደረሰህ፣ እኔ ከባድ" ብሎ ጭቅጭቅ የለም፡፡ የተጠራጠረ ሰው ዘሩን አስገብቶ ራሱ አውጥቶ ያየዋል፡፡

ሕጉስ ምን ይላል? የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የኮምፒውተር ፕሮግራምን ይጠብቃል፤ ሥራን የማላመድ መብትም የባለመብቱ ነው፡፡ ቅጂውን በሕጋዊ መንገድ የያዘ ሰው ግን ለተገዛበት አገልግሎት አስፈላጊ እስከሆነ ድረስ ማላመድ ይፈቀድለታል፡፡ "አስፈላጊ" የሚለው ቃል የተሰለቸን ጨዋታ ማደስን ያካትታል ወይ? እኔ ብከራከር ያካትታል ብዬ እጀምርና በመሐሉ ያልበኛል፡፡ የአሜሪካ ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1992 በጋሉብና በኒንቴንዶ ክርክር፣ ጨዋታው በሚካሄድበት ጊዜ ቁጥሮችን የሚለውጠው ጌም ጂኒ የተባለ መሣሪያ አዲስ የተወለደ ሥራ አይፈጥርም ሲል ኒንቴንዶን ረትቶታል፡፡ የጃፓን ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደግሞ በ2001፣ የአንድን ጨዋታ ገጸ ባሕርያት ቁጥሮች ከፍ አድርጎ የሚጭን ሚሞሪ ካርድ የደራሲውን ሥራ ሳይዛባ የመቆየት መብት ይጥሳል ብሏል፡፡ ራንዶማይዘር አዲስ ፋይል ጽፎ ስለሚያስቀምጥ ከጌም ጂኒ የበለጠ ለክስ የተጋለጠ ይመስለኛል፡፡ ሆኖም ፕሮግራሙ ጨዋታውን ይዞ አይመጣም፤ ዘር ብሎ መለዋወጥም ቁጥር መለዋወጥ እንጂ ጨዋታ መለዋወጥ አይደለም፡፡ ዋናው ጣጣ ሌላ ቦታ ነው፡፡ ይህ ሁሉ ክርክር የሚሠራው ካሴቱን ለገዛ ሰው ነው፡፡ የእህቴን ልጅ "ካሴቱ የታለ?" ብለው፣ ስለ ጠቅላይ ፍርድ ቤቶች ያወራሁትን ሁሉ በአንድ ፈገግታ ከንቱ አደረገው፡፡

ይህን ስናወራ እህቴ ረከቦቱን እያነሳች፣ "ወንድም ጋሼ፣ ታዲያ የኮንዶሚኒየሙም ዕጣ እንዲህ ነው የሚወጣው?" አለች፡፡ በ1997 ተመዝግባ ይህ ቤት በዕጣ የደረሳት ናትና ጥያቄው የራሷ ነው፡፡

ሐምሌ 1 ቀን 2014 ዓ.ም. የአዲስ አበባ ከተማ አስተዳደር በ25,491 ቤቶች ላይ ዕጣ አውጥቶ ነበር፡፡ ቀናት ሳይቆዩ፣ ብቁ ያልሆኑ ሰዎች በዕጣው መረጃ ውስጥ ገብተው መገኘታቸውን አስታውቆ ዕጣውን ሰረዘው፤ ተጠርጣሪዎችም ተያዙ፡፡ ዕጣው እንደገና የወጣው በኅዳር 2015 ዓ.ም. ነው፡፡ በዚያ ሰሞን በየታክሲው የነበረው ወሬ "ሶፍትዌሩ ተበላሸ" የሚል ነበር፡፡ ግን ከራንዶማይዘሩ እንደተማርነው፣ ስሌቱ ምንም ነውር ሳይኖርበት ዕጣው ሊበላሽ ይችላል፡፡ ወደ ሠንጠረዡ የገባው ዝርዝር ከተበረዘ የወጣው ሁሉ የተበረዘ ነው፤ ማሽኑ የሚያውቀው ቁጥር እንጂ ቆጣቢ አይደለም፡፡ ዝርዝሩ ንጹሕ ቢሆን እንኳ ዘሩን አስቀድሞ የሚያውቅ ሰው የማን ቁጥር የት ቦታ ቢቀመጥ እንደሚወጣ ማስላት ይችላል፡፡

የዕቁብ ዳኞቻችን ይህን ኮምፒውተር ሳያዩ ያውቁት ነበር፡፡ ወረቀቶቹ በአባላቱ ፊት ይቆጠራሉ፣ ይጠቀለላሉ፣ ከዚያ ሕፃን ልጅ ተጠርቶ ያወጣል፡፡ በኮምፒውተር ለሚወጣ ዕጣ ተመሳሳዩን ማድረግ ከባድ አይደለም፡፡ ዝርዝሩ አስቀድሞ ለሕዝብ ይወጣና ከዚያ በኋላ እንዳይነካ ይዘጋል፡፡ ፕሮግራሙም ማንም ሊያየው በሚችል መልክ ይቀመጣል፡፡ ዘሩ ደግሞ ዝርዝሩ ከተዘጋ በኋላ፣ ካሜራ ፊት፣ በዳይ ወይም በሎተሪ ኳስ ይወሰናል፡፡ ያን ቀን ማታ ቦሌ አራብሳ ያለ አንድ የኮምፒውተር ተማሪ ዘሩን አስገብቶ የአሸናፊዎቹን ስም ዝርዝር ራሱ ቤቱ ሊያወጣው ይችላል፡፡ ከተገለጸው ጋር ካልገጠመ ይጮኻል፡፡ ፖኬሞን ተወዳዳሪዎች ለአንዲት ምናባዊ አይጥ ሲሉ የሚያደርጉትን ጥንቃቄ፣ ሰው ለዓመታት ለቆጠበበት ቤት መጠየቅ ድፍረት አይመስለኝም፡፡

ይህን ሁሉ ካልኩ በኋላ ልጁ፣ "በቃ ጋሼ፣ አንድ ቁጥር ስጠኝና ላንተም ላውጣልህ" አለኝ፡፡

"1997" አልኩት፡፡

ጨዋታው ተከፈተ፡፡ ፕሮፌሰሩ ካቀረባቸው ሦስቱ መሐል የመረጥኩት ማጂካርፕ ሆኖ ወጣ፤ መንፈራገጥ ብቻ የሚችል፣ ማንንም የማይጎዳ ዓሣ፡፡ እህቴ ከወጥ ቤት፣ "በ1997ማ ሌላ ምን ይወጣል!" ብላ ሳቀች፡፡ ልጁ ግን ያሳድጉት እንጂ አይጣሉት ባይ ነው፡፡ ሃያኛ ደረጃ ላይ ሲደርስ ጋያራዶስ የተባለ ዘንዶ ይሆናል፤ ይህንን ሠንጠረዥ አልነካሁትም አለኝ፡፡ ስልኬ ላይ ጭኖልኝ ማታ ማታ እየሞከርኩ ነው፡፡ ከአምስተኛ ተነስተን ሰባተኛ ደረስናል፡፡