በድሬዳዋ በኩል ወደ ኢየሩሳሌም

ከጅቡቲ የተነሣው ሐዲድ ድሬዳዋ የገባው በታኅሣሥ 1895 ዓ.ም. ነው። የዚህ ባቡር ነገር በተነሣ ቁጥር ቡናው፣ ቆዳው፣ ጉምሩኩና ኮንትሮባንዱ ይወራል፤ የኢየሩሳሌም ተሳላሚው ግን ይረሳል። መስመሩ በ1909 ዓ.ም. አዲስ አበባ ከደረሰ በኋላ ከመሀል አገር ተነሥቶ ቅድስት አገርን ሊሳለም ለሚወጣ ሰው የባሕሩ መንገድ በድሬዳዋ በኩል ሆነ። ከዚያ በፊት ተሳላሚው ወይ ወደ ምጽዋ ይወርዳል፣ ወይ የሱዳንና የግብፅን በረሃ ያቋርጣል። ከሽፍታው፣ ከወባውና ከጥሙ ተርፎ ቢደርስ እንኳ መመለሱን እርግጠኛ የሚሆን አልነበረም።

ባቡሩ በመጀመሪያዎቹ ዓመታት በሌሊት አይጓዝም ነበር። 784 ኪሎ ሜትሩን ለመጨረስ መንገደኛው አንድ ሌሊት አዋሽ፣ አንድ ሌሊት ድሬዳዋ ያድራል። መነኩሴውም መኳንንቱም ድሬ አድሮ በማግስቱ ወደ ጅቡቲ ይወርዳል፤ ከዚያ በመርከብ ቀይ ባሕርን ወጥቶ በግብፅ በኩል ኢየሩሳሌም ይገባል። ወደ መካ የሚሄደው ሙስሊምም መሻገር ያለበት ያንኑ ባሕር ነው።

በዚህ ሐዲድ ካለፉት ሁሉ ስሙ የገነነው የአልጋ ወራሽ ራስ ተፈሪ ጉዞ ነው። በሚያዝያ 1916 ዓ.ም. ወደ አውሮፓ ሲሄዱ አስቀድመው ኢየሩሳሌም ገብተው ትንሣኤን እዚያ አከበሩ። በከተማዋ የአርመን ገዳም ውስጥ ከጭፍጨፋ የተረፉ ወላጅ አልባ ልጆች ሙዚቃ ሲጫወቱ ሰምተው አርባውን ወደ ኢትዮጵያ አስመጧቸው። «አርባ ልጆች» የተባሉት እነዚህ ናቸው። መሪያቸው ኬቮርክ ናልባንዲያን የደረሰው ዜማ እስከ አብዮቱ ድረስ የአገሪቱ ብሔራዊ መዝሙር ሆኖ ቆይቷል። ከአሥራ ሁለት ዓመት በኋላ እኚሁ ሰው፣ አሁን ንጉሠ ነገሥት ሆነው፣ በዚያው ሐዲድ እንደገና ወረዱ። ሚያዝያ 24 ቀን 1928 ዓ.ም. ከአዲስ አበባ ተነሥተው፣ ድሬዳዋን አልፈው፣ ከጅቡቲ በእንግሊዝ የጦር መርከብ ተሳፍረው ሚያዝያ 30 ሐይፋ ደረሱ። ጠላት ዋና ከተማውን ሲይዝ የተሸነፈ ንጉሥ መጀመሪያ የሄደው ወደ ጄኔቭ ሳይሆን ወደ ኢየሩሳሌም ነው። በአምስቱ የስደት ዓመታትም ብዙ ኢትዮጵያውያን እዚያው ተጠልለዋል።

ኢየሩሳሌም ለአይሁድ የሰሎሞን ቤተ መቅደስ የቆመባት፣ ለክርስቲያን ክርስቶስ የተሰቀለባትና የተነሣባት፣ ለሙስሊም ነቢዩ ሙሐመድ በኢስራእ ሌሊት የደረሱባትና ወደ ሰማይ ያረጉባት ናት። ይህን ሁሉም ያውቀዋል። እኔን ይበልጥ የሚገርመኝ ሦስቱም ከዚህች አገር ሆነው ወደዚያች ከተማ መዞራቸው ነው። የነቢዩ ተከታዮች ከቁረይሾች ግፍ ሸሽተው በ615 እ.ኤ.አ. ገደማ ሐበሻ ሲገቡ፣ በእስልምና ታሪክ እንደሚተረከው የስግደት አቅጣጫው፣ ቂብላው፣ ገና በይተል መቅዲስ ነበር፤ ወደ መካ የዞረው ከሂጅራ በኋላ በሁለተኛው ዓመት ነው። እንግዲህ ስደተኞቹ በነጃሺ አገር ሲሰግዱ ፊታቸው ወደ ኢየሩሳሌም ነበር ማለት ነው። ቤተ እስራኤሎች በስግድ በዓል ተራራ ላይ ወጥተው፣ ኦሪት እየተነበበ፣ ወደዚያችው ከተማ ይጸልዩ ነበር። በ1850ዎቹ ዓ.ም. አባ ማሕሪ የሚባሉ መነኩሴ ወገናቸውን አስከትለው ባሕሩ ይከፈልልናል ብለው በእግር ተነሡ። ትግራይ ሲደርሱ ረሃብና በሽታ ብዙዎቹን ጨረሰ፤ የተረፉት ተመለሱ። እነሱን የሚያደርስ ባቡር አልነበረም። የልጅ ልጆቻቸው በሱዳን በረሃ ዳግመኛ በሺዎች አልቀው፣ በመጨረሻ ግንቦት 16 እና 17 ቀን 1983 ዓ.ም. 14,325 ሰው ከአዲስ አበባ ወደ እስራኤል በአውሮፕላን ተጓጓዘ።

የሦስት ሃይማኖት ከተማ ሲባል ብዙ ሰው የሚያስበው የሦስት ሃይማኖት ጠብ ነው። የኢትዮጵያ የኢየሩሳሌም ታሪክ ግን ሌላ ነገር ያሳያል። እዚያ ረጅሙ ሙግታችን ከአይሁድም ከሙስሊምም ጋር አይደለም፤ በሃይማኖት ከምትመስለን፣ እስከ 1943 ዓ.ም. ድረስ ጳጳስ ትልክልን ከነበረችው ከግብፅ ቤተ ክርስቲያን ጋር ነው።

የሙግቱ ቦታ ዴር ሱልጣን ይባላል። የክርስቶስ መቃብር ካለበት ከታላቁ ቤተ ክርስቲያን ጣሪያ ላይ ነው። በመካከሉ የንግሥት ዕሌኒ ቤተ ጸሎት ጉልላት ብቅ ብሎ ይታያል፤ ዙሪያውን መነኮሳቱ የሚያድሩባቸው ዝቅ ያሉ የጭቃ ጎጆዎች ተደርድረዋል። በትንሣኤ ዋዜማ በዚያ ጉልላት ዙሪያ ከበሮ እየተመታ፣ ጧፍ እየበራ ይዞራል። ከጣሪያው ወደ ታች የሚያወርደው መተላለፊያ በአርባዕቱ እንስሳና በቅዱስ ሚካኤል ቤተ ጸሎቶች ውስጥ ያልፋል። የሙግቱ ልብ እነዚህ ሁለት ቤተ ጸሎቶችና የበሮቻቸው ቁልፍ ናቸው።

በእኛ ትውፊት ቦታው ከንግሥተ ሳባ ዘመን ጀምሮ የእኛ ነው፤ ግብፃውያኑም የእኛ ነው ይላሉ። እኛን የጎዳን የወረቀት ማጣት ነው። በ1830 ዓ.ም. ወረርሽኝ ገብቶ የኢትዮጵያ መነኮሳት አለቁ፤ መጻሕፍታቸውና ሰነዶቻቸው በሽታ ያስተላልፋሉ ተብሎ ተቃጠሉ። ከዚያ በኋላ የተረፉትና አዲስ የሚመጡት በራሳቸው ገዳም ውስጥ እንደ እንግዳ የሚቆጠሩበት ዘመን መጣ። አጼ ዮሐንስ ጀምረው አጼ ምኒልክ ያስፈጸሙት የደብረ ገነት ኪዳነ ምሕረት ቤተ ክርስቲያን ከአሮጌው ከተማ ቅጥር ውጭ መሠራቱ፣ ውስጥ ያለው ይዞታ ምን ያህል ጠባብ እንደነበር ይመሰክራል።

በ1962 ዓ.ም. የትንሣኤ ሌሊት ግብፃውያኑ ጸሎት ላይ ሳሉ የበሮቹ ቁልፍ ተቀየረ፤ ቤተ ጸሎቶቹም በኢትዮጵያውያኑ እጅ ገቡ። የእስራኤል ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1963 ዓ.ም. ቁልፉ ለግብፃውያኑ ይመለስ ብሎ ቢወስንም፣ መንግሥት ዋናውን የይዞታ ጥያቄ እንዲመረምር ዕድል ሰጠው። መንግሥት ኮሚቴ አቋቋመ፤ ኮሚቴው ውሳኔ ሳይሰጥ ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ አለፈ። ጥገና እንኳ ክርክር ሆኗል። ከጣሪያ ድንጋይ ወድቆ እድሳት ሲጀመር፣ በጥቅምት 2011 ዓ.ም. ተቃውመው በር ላይ የቆሙ የግብፅ መነኮሳትን ፖሊስ እየጎተተ አነሣቸው። ያን ምስል ያየ ኢትዮጵያዊ ሊደሰትበት አይገባም ነበር።

ከዚያው ከጣሪያው በታች ያለው የታላቁ ቤተ ክርስቲያን ዋና በር ቁልፍ ደግሞ ለዘመናት የቆየው በሙስሊም ቤተሰብ እጅ ነው፤ በሩንም የሚከፍተው ሌላ ሙስሊም ቤተሰብ ነው። ግሪኩ፣ ላቲኑና አርመኑ በየጥጋቸው ሲካሰሱ በዚህ በር ላይ ጠብ የለም።

የድሬዳዋ ሰው ይህ አይገርመውም። በታኅሣሥና በሐምሌ 19 ከተማው በቁልቢ ገብርኤል መንገደኛ ይጨናነቃል። የደንገጎን ዳገት ከሚወጣው ሕዝብ መካከል ስለት የተሳለ ሙስሊም አለ፤ መኪናውን የሚነዳውም ብዙ ጊዜ የመጋላ ሰፈር ሙስሊም ነው። ራስ መኮንን ያሠሩት ያ ደብር፣ በመጋቢት 1898 ዓ.ም. እሳቸው ራሳቸው ያረፉበት ቁልቢ፣ ከሌላ እምነት የሚመጣውን ስለት ሲቀበል ኖሯል።

ዴር ሱልጣንን በተመለከተ እንደ ዜጋ የምለው አለኝ። ግብፃውያኑ አጥብቀው የሚፈልጉት ከመንበራቸው ወደ መቃብሩ ግቢ የሚያወርዳቸውን መተላለፊያ ነው፤ የእኛዎቹ የሚፈልጉት የሚጸልዩባቸውን ሁለት ቤተ ጸሎቶችና የሚያድሩባቸውን ጎጆዎች ነው። ሁለቱ ተለያይተው ሊታዩ ይችላሉ። ቤተ ክርስቲያናችን በ1951 ዓ.ም. የራሷን ፓትርያርክ ካገኘች ወዲህ ከእስክንድርያ ጋር እኩል ለእኩል ናት፤ ስለዚህ ጉዳዩ ከእስራኤል ሚኒስትሮች መዝገብ ወጥቶ ለሁለቱ ሲኖዶሶች ጉባኤ መቅረብ አለበት። አጀንዳውን ለማስያዝ የእኛ ሲኖዶስ ቀድሞ ደብዳቤ ቢጽፍ የሚያጣው ነገር የለም።