በንብረት ክርክር ምክንያት ዛቻ ለሚደርስበት ነጋዴ ሕግ የሰጠው ጥበቃ

የመተማና በዙሪያዋ ያለው የምዕራብ ጎንደር ቈላ ሀብት ሰሊጥ፤ ጥጥና ማሽላ መሆኑ በነጋድያን ዘንድ የታወቀ ነው። ከእነዚህም ሰሊጥ ቀጠሮ የማይሰጥ ሰብል ነው፤ ደርሶ በጊዜው ካልታጨደ ፍሬው ተከፍቶ ዘሩ መሬት ላይ ይረግፋል። ስለዚህ በእርሻ ወሰን ወይም በመጋዘን ይዞታ ክርክር ተነሥቶ አንዱ ወገን «እግርህ ቢደርስ ደምህ ይፈሳል» ብሎ ቢዝት፤ ይህ ቃል ብቻ ከደጋ የወረዱትን አጫጆች ለመበተን ይበቃል። አጫጅ ሲጠፋ ሰብሉ ይባክናል፤ ላኪውም ለውጭ አገር ገዢ የገባውን ውል መፈጸም ይሳነዋል።

አንዳንዱ ነጋዴ ዛቻ ሲደርስበት «የንብረቱ ክርክር ሲያልቅ አብሮ ያልቃል» ብሎ ዝም ይላል። ሌላው ደግሞ ጠመንጃ ያዥ ቀጥሮ አጸፋውን ለመመለስ ይነሣል። ሁለቱም መንገዶች ይጎዱታል። በአባቶቻችን ዘመን «በሕግ አምላክ» የተባለ ሰው እጁን ይሰበስብ ነበር፤ ዛሬም ያንኑ ቃል በጽሑፍ አድርጎ ለዳኛ ማቅረብ ይቻላል። ነገር ግን ዛቻውና የንብረቱ ክርክር ሁለት የተለያዩ ጉዳዮች መሆናቸውን፤ ለእያንዳንዳቸውም የተወሰነ ጊዜ መኖሩን ማወቅ ያስፈልጋል።

ስለ ዛቻው፤ በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 580 በከባድ አደጋ ወይም ጉዳት አስፈራርቶ ሌላውን ሰው ሥጋት ላይ የጣለ ሁሉ በመቀጮ ወይም ከስድስት ወር በማይበልጥ ቀላል እስራት እንደሚቀጣ ደንግጓል። ሆኖም ክሱ የሚነሣው ተበዳዩ ራሱ አቤቱታ ሲያቀርብ ነው። አቤቱታውም ድርጊቱ ወይም አድራጊው ከታወቀበት ቀን ጀምሮ በ3 ወር ውስጥ ለፖሊስ መድረስ አለበት። የንብረቱን ፍርድ ሲጠብቅ ይህን ጊዜ ያሳለፈ ነጋዴ መብቱን ያጣል።

ስለ ይዞታው፤ የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ በቍጥር 1149 ይዞታው የተነጠቀበት ወይም ሁከት የደረሰበት ሰው ንብረቱ እንዲመለስለት ወይም ሁከቱ እንዲወገድለት፤ ኪሣራም እንዲከፈለው የመጠየቅ መብት ይሰጠዋል። የዚህ ክስ ጊዜ 2 ዓመት ነው። ተከሳሹ ድርጊቱን የሚደግፍ መብት እንዳለው ወዲያውኑና በማያጠራጥር ማስረጃ ካላስረዳ በቀር፤ ዳኛው ሁከቱ እንዲወገድ ያዛል። በ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት መሬት የመንግሥትና የሕዝብ በመሆኑ፤ ነጋዴው በእርሻው ላይ ያለውን መብት የሚያስረዳው በይዞታ ማረጋገጫ ደብተር፤ በኪራይ ውልና በግብር ደረሰኝ ነው።

ክርክሩ እስኪያልቅ ንብረቱ የሚበላሽ ወይም የሚባክን ከሆነ፤ በ1958 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ መሠረት በቃለ መሐላ የተደገፈ የእግድ አቤቱታ ይቀርባል። በማሳ ላይ የደረሰ ሰሊጥ ለዚህ በቂ ምክንያት ነው። የዛተው ሰው ያለውን ይፈጽማል የሚያሰኝ ከባድ ምክንያት ሲኖርም፤ የመልካም ጠባይ ዋስትና እንዲጠራ ፍርድ ቤቱን መለመን ይቻላል። በአቤቱታው ላይ ዛቻው የተነገረበት ቀን፤ ሰዓትና ቦታ፤ ቃሉም እንደተነገረው፤ የምስክሮቹም ስም ይጻፍ። በመጨረሻም ትእዛዙን የወረዳው ፖሊስ እንዲያስፈጽም፤ ግልባጩም እንዲደርሰው በግልጽ ይጠየቅ፤ ለፖሊስ ያልደረሰ ትእዛዝ አጫጁን አይጠብቅምና።

ሕጉ በቍጥር 1148 ባለይዞታው የመጣበትን ነጣቂ በኃይል እንዲከላከል ቢፈቅድም፤ ሁኔታው ከሚያስገድደው በላይ ኃይል መጠቀምን ይከለክላል። ጠመንጃ ያዥ የቀጠረ ከሳሽ በማግስቱ ተከሳሽ ሊሆን ይችላል።

ፍርድ ቤት የማይደርስበት ነገር መኖሩንም አንሰውርም። በ2013 ዓ.ም. የሱዳን ጦር በአል ፋሽቃ የያዘው እርሻ የሁለት መንግሥታት ጉዳይ እንጂ የወረዳ ዳኛ ጉዳይ አይደለም። በ2015 ዓ.ም. ማብቂያ በአማራ ክልል ውጊያ ከተነሣ ወዲህም የፖሊስ እጅ በየስፍራው እኩል አልደረሰም። ይሁን እንጂ በመዝገብ የገባ አቤቱታ የ3 ወሩንና የ2 ዓመቱን ጊዜ ያስጠብቃል፤ ጸጥታ ሲመለስም ባለመብቱ የሚቆምበት መሠረት ይሆነዋል። ስለዚህ ነጋዴው ዛቻውን በሰማ ጊዜ ወደ ፖሊስም ወደ ፍርድ ቤትም ሳይዘገይ መሄድ ይገባዋል።