ከጌም ማኅደር የጠፋ ግዢን ስለ መፈለግና ስለ ማስመለስ

በኮምፒዩተር የሚጫወቱ ጌሞች በዲስክ መሸጣቸው እየቀረ በመምጣቱ፣ ግዢው በአብዛኛው የሚፈጸመው እንደ ስቲም፣ ኤፒክ ጌምስና ማይክሮሶፍት ስቶር ባሉ የኢንተርኔት መደብሮች ነው። ገዢው የሚያገኘው በእጅ የሚያዝ ዕቃ ሳይሆን በአካውንቱ ላይ የሚመዘገብ የመጠቀም ፈቃድ ነው። ፈቃዶቹ ተሰብስበው የሚታዩበት ገጽ በተለምዶ «ላይብረሪ» ይባላል፤ በዚህ ጽሑፍ «ማኅደር» ተብሎ ተጠቅሷል። ገንዘብ ተከፍሎበት ጌሙ ከማኅደሩ ሲታጣ ብዙ ተጠቃሚዎች ተሰርቀናል ብለው ይደመድማሉ፤ ሌሎች ደግሞ ያንኑ ጌም ዳግም ይገዛሉ። አብዛኛውን ጊዜ ሁለቱም የሚያስፈልጉ አይደሉም።

ጉዳዩ በደሴና በኮምቦልቻ የራሱ መልክ አለው። ስቲም ዋጋውን በብር አያወጣም፤ በቴሌብርም በቀጥታ ክፍያ አይቀበልም። በውጭ ምንዛሪ የሚሠራ የባንክ ካርድ የሌለው ወጣት ጅዳ ወይም ዱባይ ያለች እኅቱን እንድትገዛለት ይጠይቃል፤ ወይም በቴሌግራም የስጦታ ካርድና ኮድ ከሚሸጡ ሰዎች ይገዛል፤ አለዚያም ጌም ቤት ውስጥ በተከፈተ አካውንት ይጠቀማል። በዚህ ምክንያት በከፋዩና በተጠቃሚው መካከል ብዙ ጊዜ ሦስተኛ ሰው አለ። የጠፋው ግዢ የሚገኘውም በአመዛኙ በዚህ ሦስተኛ ሰው መንገድ ላይ ነው።

ግዢው የተመዘገበው የት ነው?

በቅድሚያ መታወቅ ያለበት፣ ግዢው የሚመዘገበው በኮምፒዩተሩ ላይ ሳይሆን በመደብሩ ሰርቨር፣ በአካውንቱ ስም መሆኑ ነው። ኮምፒዩተር ቢበላሽ፣ ቢሸጥ ወይም ዊንዶውስ እንደ አዲስ ቢጫን በማኅደሩ ላይ የሚደርስ ለውጥ የለም። በ2014 ዓ.ም. መጀመሪያ ወራት ጦርነቱ ደሴና ኮምቦልቻ በደረሰ ጊዜ ንብረታቸው የተዘረፈባቸው ነዋሪዎች ጥቂት አይደሉም። ከተዘረፈው ንብረት ጋር ኮምፒዩተሩ የሄደበት ተጠቃሚ፣ በአካውንቱ ላይ የነበሩ ጌሞችም አብረው ጠፍተዋል ብሎ ትቷቸው ከሆነ ዛሬም ሊያገኛቸው ይችላል። የሚጠበቅበት ከማናቸውም ኮምፒዩተር በቀድሞው አካውንት መግባት ነው። በጌሙ ውስጥ የደረሰበት ደረጃ ግን የተለየ ጉዳይ ነው፤ በኢንተርኔት እንዲቀመጥ ያልተደረገ ከሆነ ከኮምፒዩተሩ ጋር ጠፍቷል።

ወደ ቀድሞው አካውንት ለመግባት ቁልፉ ኢሜይሉ ነው። ጉግል ከ2016 ዓ.ም. ወዲህ ለ2 ዓመት ያህል ጥቅም ላይ ያልዋሉ የግል አካውንቶችን የመሰረዝ አሠራር ተግባራዊ አድርጓል። ለጌም ግዢ ብቻ ተብሎ የተከፈተ ጂሜይል የዚህ አሠራር የመጀመሪያ ተጠቂ ሊሆን ስለሚችል አልፎ አልፎ ከፍቶ መጠቀም ይገባል። አካውንቱ በስልክ ቁጥር የተጠበቀ ሆኖ ሲም ካርዱ ጠፍቶ እንደሆነ፣ መታወቂያ ይዞ ወደ ቴሌኮም አገልግሎት ማዕከል በመሄድ ያንኑ ቁጥር በምትክ ሲም ማውጣት ከመደብሩ ጋር ከሚደረግ ረጅም ደብዳቤ መጻጻፍ ያድናል።

ሁለት አካውንት ያለው ሰው

ከሁሉም በላይ የተለመደው ምክንያት በሌላ አካውንት መግባት ነው። ኤፒክ ጌምስ በኢሜይልና በይለፍ ቃል ብቻ ሳይሆን በጉግል፣ በፌስቡክ፣ በአፕልና በሌሎችም መንገዶች ያስገባል። አንድ ሰው በመጀመሪያ በኢሜይሉ ተመዝግቦ በሌላ ቀን «በጉግል ግባ» የሚለውን ቢጫን፣ ሁለቱ ኢሜይሎች የተለያዩ ከሆኑ ሳያውቀው ባዶ ማኅደር ያለው አዲስ አካውንት ሊከፍት ይችላል። ኤፒክ በየሳምንቱ በነጻ የሚሰጣቸውን ጌሞች ሲሰበስቡ የቆዩ ተጠቃሚዎች «ሁሉም ጠፋ» የሚሉት አብዛኛውን ጊዜ በዚህ ምክንያት ነው። መፍትሔው ቀላል ነው፤ ያሉትን ኢሜይሎች አንድ በአንድ ከፍቶ የመደብሩን ደረሰኝ መፈለግ ነው። ደረሰኙ የተገኘበት ኢሜይል የትክክለኛው አካውንት ኢሜይል ነው።

ይህ በጌም ቤቶችና ኮምፒዩተር በሚጋሩ ተማሪዎች ዘንድም ያጋጥማል። ከአንዱ በፊት የተጠቀመው ሰው አካውንቱን ሳይዘጋ ሄዶ ቀጣዩ ሰው ኮድ ቢያስገባ፣ ጌሙ የሚመዘገበው በፊተኛው ሰው ስም ነው። አንድ ጊዜ ጥቅም ላይ የዋለ ኮድ ወደ ሌላ አካውንት አይዛወርም። ስለዚህ ኮድ ከማስገባት በፊት በገጹ ላይኛው ጥግ ያለውን ስም መመልከት ከብዙ ጣጣ ያድናል።

አካውንቱ ትክክለኛ መሆኑ ከተረጋገጠ የሚቀጥለው መታየት ያለበት የግዢ ታሪክ ነው። በስቲም «የአካውንት ዝርዝር» በሚለው ገጽ ውስጥ፣ በኤፒክም በአካውንቱ የክፍያ ገጽ ላይ፣ እያንዳንዱ ግዢ ከቀኑና ከዋጋው ጋር ይታያል። ጌሙ በዚያ ካለና በማኅደሩ ከሌለ ችግሩ የአቀራረብ ነው። «በኮምፒዩተሩ ላይ የተጫኑ ብቻ» የሚል ማጣሪያ በርቶ ሊሆን ይችላል፤ ጌሙ ከተደበቁት መካከል ገብቶም ሊሆን ይችላል፤ ወይም የተገዛው ራሱን የቻለ ጌም ሳይሆን የዋናው ጌም ተጨማሪ ክፍል ነው። ተጨማሪ ክፍል በማኅደሩ ለብቻው አይዘረዘርም፤ በዋናው ጌም ገጽ ሥር ይገኛል።

በግዢ ታሪኩም ከሌለ ክፍያው አልተጠናቀቀም፣ ወይም ጌሙ መጀመሪያውኑ አልተገዛም። ለምሳሌ ስቲም አንዳንድ ጌሞችን ለቅዳሜና እሁድ ብቻ በነጻ ይለቃል፤ ቀኑ ሲያልፍ መጫወት አይቻልም። በቤተሰብ ማጋሪያ የሚገኙ ጌሞችም የባለቤቱ እንጂ የተጋሪው አይደሉም፤ ባለቤቱ ከቡድኑ ሲወጣ ጌሞቹ ከሌሎቹ አባላት ማኅደር ይወጣሉ። ክፍያው «በመጠባበቅ ላይ» የሚል ምልክት ካለበት ደግሞ ማረጋገጫው እስኪደርስ መታገስ እንጂ ዳግም መክፈል አያስፈልግም። ኢንተርኔት በሚቆራረጥበት ጊዜ ገጹ በክፍያው መሐል ቢቆም፣ ገንዘቡ ከባንክ ሒሳብ ለጊዜው ተይዞ ግዢው ሳይፈጸም ሊቀር ይችላል። እንዲህ ያለው ገንዘብ በመደብሩ ካልተወሰደ በባንኩ አሠራር መሠረት ይለቀቃል።

በሦስተኛ ሰው በኩል የተገዛ ጌም

ውጭ አገር ያለ ዘመድ ጌም ሲገዛ ሁለት ነገሮች በተደጋጋሚ ይደባለቃሉ። ዘመድየው ጌሙን «ለራሴ» ብሎ ከገዛው በእርሱ ማኅደር ይቀመጣል፤ ደሴ ያለው ሰው ማኅደር አይደርስም። «በስጦታ» ብሎ ከገዛው ተቀባዩ መልእክቱን ከፍቶ መቀበል አለበት። ስቲም የስጦታ ግዢን ላኪውና ተቀባዩ ባሉባቸው አገሮች ዋጋ መካከል ሰፊ ልዩነት ካለ ሊከለክል ይችላል። ይህን ለማለፍ ያሉበትን አገር በቪፒኤን መደበቅ የመደብሩን ውል መጣስ ስለሆነ አካውንቱን ለእገዳ ያጋልጣል።

የስጦታ ጌም ተመላሽ ሲደረግ የሚከተለው ሥርዓት ብዙዎች የማያውቁት ነው። ስቲም ግዢው 14 ቀን ካልሞላውና ጌሙ ከ2 ሰዓት በታች የተጫወቱበት ከሆነ ገንዘብ ይመልሳል። ስጦታው ተቀባይ ያልከፈተው ከሆነ ጥያቄውን የሚያቀርበው ከፋዩ ነው፤ ከተከፈተ በኋላ ግን ጥያቄውን መጀመር ያለበት ተቀባዩ ሲሆን ገንዘቡ የሚመለሰው ለከፋዩ ነው። ስለዚህ ዱባይ ያለችው እኅት ብቻዋን ብትጽፍ ጥያቄዋ አይጠናቀቅም፤ ሁለቱ መነጋገር አለባቸው።

«ኪይ» በመባል የሚታወቀው የማስከፈቻ ኮድ ከዚህ የበለጠ ጥንቃቄ ይጠይቃል። አንዳንድ ኮዶች በተወሰኑ አገሮች ብቻ እንዲሠሩ የተገደቡ ናቸው። ሌሎች በተሰረቀ ካርድ ተገዝተው በርካሽ የሚቸረቸሩ ናቸው፤ የካርዱ ባለቤት ሲያመለክት የጌሙ አሳታሚ ኮዱን ሊሰርዝና ጌሙ ለሳምንታት ከተጫወቱበት በኋላ ከማኅደሩ ሊወጣ ይችላል። ስቲም ከእርሱ ውጭ ለተገዛ ኮድ ገንዘብ አይመልስም። በዚህ ጊዜ ተጠያቂው ኮዱን የሸጠው ሰው ነው።

ከሁሉም የከፋው «ጌም የሞላበት አካውንት» ብሎ መግዛት ነው። አካውንትን መሸጥም ሆነ ማዛወር በስቲም ውል የተከለከለ ነው። ሻጩ አካውንቱን የከፈተበት የመጀመሪያ ኢሜይልና የክፍያ ማስረጃ በእጁ ስለሚቀር፣ «አካውንቴን ተሰረቅሁ» ብሎ ለመደብሩ በማመልከት መልሶ ሊወስደው ይችላል። መደብሩ ደግሞ የመጀመሪያ ማስረጃ ላለው ሰው ነው የሚፈርደው። ገዢው በመደብሩ ዘንድ የሚያነሳው መብት የለውም።

ለመደብሩ ማመልከት

ከላይ የተገለጹት ታይተው ግዢው ካልተገኘ ለመደብሩ የድጋፍ ክፍል ማመልከት ይገባል። ማመልከቻው አጭር ቢሆንም የግዢውን ቀን፣ የጌሙን ስም፣ የተከፈለውን መጠን፣ የደረሰኙን ቁጥርና የካርዱን የመጨረሻ 4 አኃዞች መያዝ አለበት። መደብሮቹ ቀንን የሚጽፉት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ስለሆነ በአገራችን አቆጣጠር የተመዘገበ ቀን ተቀይሮ መጻፍ አለበት። የድጋፍ ሠራተኛ የይለፍ ቃል አይጠይቅም፤ የስቲም ድጋፍም በቴሌግራም አይሰጥም። በቴሌግራም «የስቲም ሠራተኛ ነኝ» የሚል ሁሉ አታላይ ነው።

መደብሩ ምላሽ ሳይሰጥ ባንክ ሄዶ ክፍያው ይሰረዝልኝ ማለት አይመከርም። ባንኩ ክፍያውን ሲያስመልስ ስቲም አካውንቱን ሊገድብ ስለሚችል፣ አንድ ጌም ለማስመለስ ሲባል ሌሎቹንም መግዛትና መጠቀም ሊያስቸግር ይችላል። ካርዱ ያለ ባለቤቱ ፈቃድ ጥቅም ላይ ውሎ ከሆነ ግን ቅደም ተከተሉ ይገለበጣል፤ ወዲያውኑ ለባንኩ አሳውቆ ካርዱን ማዘጋት ይቀድማል።

ሻጩ አገር ውስጥ ሲሆን

ኮዱን ወይም የስጦታ ካርዱን የሸጠው ሰው ወይም ሱቅ አገር ውስጥ ከሆነ ጉዳዩ በኢትዮጵያ ሕግ ይዳኛል። የንግድ ውድድርና የሸማቾች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 813/2006 ሸማቹ ስለሚገዛው ዕቃ ወይም አገልግሎት በቂና ትክክለኛ መረጃ የማግኘትና ለደረሰበት ጉዳት የመካስ መብት እንዳለው ደንግጓል። በፌዴራል ደረጃ ይህን ሥራ ይሠራ የነበረው ባለሥልጣን ተግባር በአዋጅ ቁጥር 1263/2014 ወደ ንግድና ቀጣናዊ ትስስር ሚኒስቴር ተዛውሯል። የደሴና የኮምቦልቻ ነዋሪዎች ግን አቤቱታቸውን በቅድሚያ ለከተማቸው አስተዳደር ንግድና ገበያ ልማት መምሪያ ማቅረብ ይችላሉ።

«ደረሰኝ የለኝም፤ የተነጋገርነው በቴሌግራም ነው» በሚል ምክንያት አቤቱታን መተው አይገባም። የኤሌክትሮኒክ ግብይት አዋጅ ቁጥር 1205/2012 አንድ መልእክት በኤሌክትሮኒክ መልክ በመሆኑ ብቻ ሕጋዊ ውጤት እንዳይነፈገው ይደነግጋል። የቴሌብር ክፍያ መልእክት ከነግብይት ቁጥሩ፣ ከሻጩ ጋር የተደረገው የጽሑፍ ልውውጥና ኮዱ እንደማይሠራ የሚያሳየው ገጽ ፎቶ ሁሉ ይጠቅማሉ። ሻጩ በቴሌግራም የጻፈውን ከሁለቱም ወገን ማጥፋት ስለሚችል ፎቶው መነሳት ያለበት ጭቅጭቁ ከመጀመሩ በፊት ነው። ሆን ተብሎ የተፈጸመ ማታለል ወይም ያለፈቃድ ወደ አካውንት መግባት ሲሆን በኮምፒዩተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 ስለሚሸፈን ለፖሊስ ይቀርባል።

በእውነት የሚጠፋ ጌም

ከመደብር ሽያጭ የወጣ ጌም ቀድሞ ከገዙት ሰዎች ማኅደር አብዛኛውን ጊዜ አይወጣም። የማይካተቱ ሁኔታዎች ግን አሉ። ዩቢሶፍት የተባለው ኩባንያ «ዘ ክሩ» የተሰኘውን የመኪና እሽቅድምድም ጌም ሰርቨሮች መጋቢት 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ዘግቶ፣ ቀጥሎም የገዢዎችን ፈቃድ ሰርዟል። ጌሙ ያለ ሰርቨር የማይሠራ በመሆኑ የገዙት ሁሉ መጫወት አልቻሉም። ይህና ይህን የመሰሉ ቅሬታዎች በተነሡበት ወቅት የአሜሪካ ካሊፎርኒያ ግዛት፣ ከታኅሣሥ 23 ቀን 2017 ዓ.ም. ጀምሮ፣ መደብሮች የሚሸጡት ፈቃድ መሆኑን ለገዢው በግልጽ እንዲያሳውቁ የሚያስገድድ ሕግ ሥራ ላይ አውላለች። ስቲምም በመክፈያ ገጹ ላይ ይህንኑ መጻፍ ጀምሯል።

እንዲህ ያለ ስጋትን መቀነስ የሚፈልግ ገዢ ከመክፈሉ በፊት ጌሙ ያለ ኢንተርኔት መሥራት አለመሥራቱን በመሸጫ ገጹ ላይ ቢያነብ ይጠቅመዋል። ጂኦጂ የተባለው መደብር የሚሸጣቸውን ጌሞች መጫኛ ፋይል አውርዶ በውጫዊ ዲስክ ማስቀመጥ ይፈቅዳል። በስቲም የተገዙትን ደግሞ ኢንተርኔት ሲቋረጥ ለመጠቀም፣ ግንኙነቱ ሳይቋረጥ በፊት ጌሙን አንድ ጊዜ ከፍቶ መዝጋትና ስቲምን ያለ ኢንተርኔት በሚሠራበት ሁኔታ ማስጀመር እንደሚቻል ማረጋገጥ ያስፈልጋል።