ሎሚ ጠብ ሲልበት መልኩን የሚቀይር ቀይ፦ ወደ ዛፖቴክ ሸማኔዎች መንደር

ደቡብ ሜክሲኮ፣ ዋሃካ ከተማ ውስጥ ናችሁ እንበል። ስምንት ወይም አሥር ሆናችሁ ሚኒባስ ተሳፍራችኋል። ወደ ምሥራቅ 30 ኪሎ ሜትር ገደማ እንደተጓዛችሁ መኪናው ከዋናው መንገድ ታጥፎ ከተራራ ሥር ወዳለች መንደር ይገባል። ቴኦቲትላን ዴል ቫዬ ትባላለች። ግራና ቀኝ በየደጃፉ የሱፍ ምንጣፍ ተሰቅሏል፦ ደም የመሰለ ቀይ፣ የጠለቀ ሰማያዊ፣ የእንቁላል አስኳል የመሰለ ቢጫ። እዚህ አብዛኛው ቤተሰብ የሚኖረው በሽመና ነው።

የመንደሯ ሰዎች ዛፖቴኮች ናቸው። ስፔኖች ከመምጣታቸው ከ2,000 ዓመት በፊት፣ በ500 ዓመተ ዓለም ገደማ፣ ሞንቴ አልባን የተባለችውን ከተማ ተራራ አናት ላይ የቆረቆሩት የእነሱ አያቶች ናቸው። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በጎርጎርሳውያን አቆጣጠር ናቸው።) የራሳቸው ጽሕፈትም ነበራቸው። በ19ኛው ክፍለ ዘመን ሜክሲኮን የመሩት ፕሬዚዳንት ቤኒቶ ሁዋሬዝም ከዛፖቴክ ቤተሰብ የተወለዱ ናቸው። ዛሬ ዛፖቴክኛ የሚናገሩ ከ400,000 በላይ ሰዎች አሉ። «ዛፖቴክኛ» ስንል ግን አንድ ቋንቋ ማለታችን አይደለም፤ እንደ አማርኛና ትግርኛ ዘመዳሞች ሆነው የማይግባቡ ብዙ ቋንቋዎች ናቸው። ደግሞም እንደ እኛው ቤንችኛ የድምፅ ከፍታና ዝቅታ የቃል ትርጉም ይቀይርባቸዋል።

ወደ ግቢው እንግባ። ቁጥራችሁ ትንሽ ስለሆነ ሁላችሁም ከፊት ትቆማላችሁ። አንዲት እናት ሱፉን በሁለት የሽቦ ብሩሾች እያበጠረች ታፍታታለች፤ ከዚያ በእጅ በሚሽከረከር መንኮራኩር ትፈትላለች። ቀጥላ ከድንጋይ ወፍጮ አጠገብ ትንበረከካለች። ወፍጮውና መጁ አያታችሁ ቤት ካለው ብዙም አይለዩም። ወፍጮው ላይ የምትበትነው ግን እህል አይደለም፤ ግራጫማ፣ የደረቀ፣ ከምስር ፍሬ ያነሰ ነገር ነው። ሁለት ሦስቴ መጁን ስታስኬድበት ድንጋዩ ደም የፈሰሰበት ይመስላል። ከዱቄቱ ቆንጠር አድርጋ መዳፋችሁ ላይ ታኖርና ውሃ ጠብ ታደርግበታለች፦ ቀይ። ሎሚ ትጨምርበታለች፦ ብርቱካናማ። ኖራ ወይም ቤኪንግ ሶዳ ትነሰንስበታለች፦ ሐምራዊ።

ሁሉም ሰው ስልኩን አውጥቶ ፎቶ የሚያነሳው እዚህ ላይ ነው። እኛ ግን እዚችው ጋ ቆም እንበል።

የቁልቋሏ እንግዳ

ያ ግራጫ «ፍሬ» ኮቺኒያል የተባለች ነፍሳት ናት። በቁልቋል ላይ፣ እኛ በለስ በምንለው ተክል ላይ፣ ነው የምትኖረው። ሴቷ ክንፍ የላትም፤ አፏን እንደ መርፌ ቁልቋሉ ውስጥ ትሰካና እድሜዋን ሙሉ ፈሳሹን እየመጠጠች ትኖራለች። ከላይዋ ጥጥ በመሰለ ነጭ ሰም ትሸፈናለች። ወንዱ ክንፍ አለው፣ ግን የሚኖረው ለጥቂት ቀናት ብቻ ነው። ለቀለም የምትፈለገው እንግዲህ ሴቷ ናት።

አንድ ቦታ ተሰክታ የምትኖር፣ መሮጥም መብረርም የማትችል ፍጡር ራሷን እንዴት ትከላከላለች? በኬሚካል! በሰውነቷ ውስጥ ካርሚኒክ አሲድ የሚባል ውሁድ ታከማቻለች፤ ከደረቅ ክብደቷ 20 በመቶ ገደማ እሱ ነው። ጉንዳኖች ይሄን ነገር አይወዱትም። የሚገርመው ግን ኮቺኒያልን የሚበላ አንድ የእሳት እራት እጭ መኖሩ ነው። እጩ የበላውን ቀይ ፈሳሽ ሳይፈጨው ያስቀምጥና ጉንዳን ሲመጣበት መልሶ ይተፋበታል። መሣሪያውን ከነባለቤቱ ዋጠው ማለት ነው።

እኛ «ቀለም» የምንለው ለእሷ መከላከያዋ ነው። መልኩን የሚቀይርበት ምክንያት ደግሞ ይሄ ነው፦ የካርሚኒክ አሲድ ሞለኪውል እንደ አካባቢው አሲድነት ሃይድሮጂን አዮኖችን ይይዛል ወይም ይለቃል። ሎሚ ስንጨምርበት ይይዛል፤ ኖራ ስንጨምርበት ይለቃል። አዮን በያዘና በለቀቀ ቁጥር ሞለኪውሉ የሚውጠው የብርሃን ዓይነት ይለወጣል፤ ወደ ዓይናችን የሚደርሰው የተረፈው ብርሃን ስለሆነ መልኩም አብሮ ይለወጣል። ቤታችሁ ከርከዴ ካለ በዘዴ የሚመሳሰል ነገር መሞከር ትችላላችሁ። የቀዘቀዘ የከርከዴ ሻይ ሁለት ብርጭቆ ላይ ቅዱ፤ አንዱ ላይ ሎሚ፣ ሌላው ላይ ግማሽ ማንኪያ ቤኪንግ ሶዳ ጨምሩ። (የሶዳውን ብርጭቆ አትጠጡት፤ አይጥምም።) የከርከዴው ቀለም ሌላ ሞለኪውል ነው፣ ጨዋታው ግን ያው ነው።

እንግዲህ በቀላሉ የሚለዋወጥ ቀለም ጨርቅ ላይ እንዴት ይጸናል? ሱፉ መጀመሪያ አሉም በሚባል የአሉሚኒየም ጨው ይቀቀላል። የአሉሚኒየም አዮኖች በአንድ በኩል የሱፉን ፕሮቲን፣ በሌላ በኩል የቀለሙን ሞለኪውል ይይዛሉ፤ በመሃል ሆነው ሁለቱን ያስተሳስራሉ። ያለ አሉም የተነከረ ሱፍ ከታጠበ ብዙው ቀለም ይሄዳል።

አንድ ኪሎ ደረቅ ኮቺኒያል ለማግኘት ከ100,000 በላይ ነፍሳት ይለቀማሉ። ውድ ነው። በስፔን አገዛዝ ዘመን ከሜክሲኮ ወደ ውጭ ከሚላኩት ነገሮች ከብር ቀጥሎ ትልቁን ገንዘብ የሚያመጣው ይሄ ዱቄት ነበር። የጳጳሳት ልብስ፣ የእንግሊዝ ጦር መኮንኖች ቀይ ኮት፣ በእሱ ይነከር ነበር። ስፔን ምስጢሩን በጥብቅ ትጠብቅ ስለነበር ብዙ አውሮፓውያን ነገሩ ዘር ይሁን ነፍሳት እንኳ ለረጅም ጊዜ ሲከራከሩ ኖረዋል፤ ስፔንኛ ስሙ «ግራና» ራሱ ፍሬ ማለት ነው። በ1777 ኒኮላ ጆዜፍ ቲየሪ ደ ሜኖንቪል የተባለ ፈረንሳዊ የዕፅዋት ተመራማሪ ዋሃካ ድረስ ሾልኮ ገብቶ ቁልቋሉን ከነነፍሳቱ ዛሬ ሄይቲ ወደምትባለው ቅኝ ግዛት ሰረቀ። በ19ኛው ክፍለ ዘመን ሁለተኛ አጋማሽ ፋብሪካ ሠራሽ ቀለም ሲመጣ ገበያው ወደቀ። ሙሉ በሙሉ ግን አልጠፋም። ዛሬ ከረሜላ፣ የፍራፍሬ እርጎ ወይም ሊፕስቲክ ላይ «ኢ120» የሚል ካያችሁ እሷው ናት። ጾመኛ ከሆናችሁ ማሸጊያውን ማንበብ አይከፋም።

ይቺው ነፍሳት ትግራይ ስትገባ

ይሄን ታሪክ ለአገራችን አንባቢ ስናወራ አንድ ነገር ዘለን ማለፍ አንችልም። በለስ ራሱ ከሜክሲኮ አካባቢ የመጣ ተክል ነው፤ ወደ ኢትዮጵያ የገባው በ19ኛው ክፍለ ዘመን ነው። ትግራይ ውስጥ በድንጋያማ ተራራ ላይ ተስፋፍቶ፣ በክረምት ጎተራ ባዶ በሚሆንበት ሰሞን ለሰው ምግብ፣ በበጋ ደግሞ ለከብት መኖ ሆነ። በ2000ዎቹ መጀመሪያ ላይ ታዲያ «ይሄ ሁሉ በለስ እያለን ለምን ቀለም አናመርትም?» ተባለና ኮቺኒያል ወደ ትግራይ እንድትገባ ተደረገ።

ሐሳቡ ሲሰሙት ያሳምናል። ሜክሲኮ ውስጥ ግን ኮቺኒያልን የሚበሏት ጠላቶች አሉ፤ ቅድም ያነሳነው እጭ አንዱ ነው፣ የጥንዚዛ ዓይነቶችም አሉ። የቴኦቲትላን ገበሬ ጭንቀቱ ነፍሳቷ እንዳትሞትበት ነው፤ ከዝናብና ከአዳኝ ሊከልላት መጠለያ ይሠራላታል። ትግራይ ስትገባ እነዚያ ጠላቶች አብረዋት አልመጡም። ከተመደበላት ቦታ ወጥታ፣ በነፋስ፣ በከብትና በሰው እየተጓጓዘች በሰፊው ተዛመተች፤ በተለይ በደቡባዊው የትግራይ ክፍል ብዙ በለስ አደረቀች። በአንድ አገር ተንከባክበው የሚያሳድጓት ፍጡር በሌላው አገር የቤተሰብ ምግብ የምታጠፋ ተባይ ሆነች፤ ነፍሳቷ ግን ያችው ናት። ሥነ ምህዳር የምታጠኑ ልጆች የምትይዙት ጥያቄ እዚህ ውስጥ አለ፦ አንድን ፍጡር ከቦታው ስናነሳ ከእሱ ጋር ያላነሳነው ምንድን ነው?

ወደ ግቢው እንመለስ፤ ሰማያዊው ይቀረናል። ሰማያዊው ከኢንዲጎ ተክል ቅጠል ይወጣል፣ አሠራሩም ከቀዩ ፈጽሞ የተለየ ነው። ኢንዲጎ ውሃ ውስጥ አይሟሟም። ስለዚህ ማቅለሚያው ጋን ውስጥ ኦክስጅን እንዲጠፋ ይደረጋል፤ ያኔ ሰማያዊው ወደሚሟሟ አረንጓዴ ቢጫ ነገር ይቀየራል። ሱፉ ከጋኑ ሲወጣ ቢጫ ቢጤ ነው። አየር ሲነካው ዓይናችሁ እያየ አረንጓዴ፣ ከዚያ ሰማያዊ ይሆናል፤ ኦክስጅኑ ሞለኪውሉን ወደማይሟሟው መልኩ መልሶ ክሩ ውስጥ ቆለፈበት ማለት ነው። አስጎብኚያችሁ ቸኩሎ ይሄን ሊያሳልፋችሁ ከፈለገ እንዳትነሱ። ከቀዩ ትርኢት ይልቅ እኔ ይሄኛው ይበልጥብኛል።

ሽመናው ራሱ ለእናንተ እንግዳ አይሆንባችሁም። በእግር የሚረገጠውን መሸመኛና በጉን ያመጡት ስፔኖች ናቸው፣ በ16ኛው ክፍለ ዘመን፤ ከዚያ በፊት ወገብ ላይ በሚታሰር መሸመኛ ጥጥ ነበር የሚሸመነው። የእኛ ሸማኔ እግሩን ጉድጓድ ውስጥ አድርጎ ይቀመጣል፤ የእነሱ ቆሞ ይረግጣል። ትልቁ ልዩነት ግን ማጉ ላይ ነው። ምንጣፍ ላይ ማጉ ድሩን ፈጽሞ እስኪሸፍነው ድረስ ይጠቀጠቃል፣ የምታዩት ቀለም ሁሉ የማጉ ነው። ሸማኔው አንዱን ቀለም እስከሚፈልግበት ድር ድረስ ብቻ ያስኬድና ይመልሰዋል፤ ከዚያ ሌላ ቀለም ይቀጥላል።

ምንጣፉ እንግዲህ እንደ ስልካችሁ ስክሪን የትናንሽ ነጥቦች ሰንጠረዥ ነው። ሰያፍ መስመር ስትፈልጉ የምታገኙት ደረጃ ነው። የዛፖቴክ ምንጣፍ በደረጃና በማዕዘን ጌጥ የተሞላበት አንዱ ምክንያት ይሄ ነው። ሌላው ሚትላ ነው፦ በአቅራቢያው ያለ ጥንታዊ ቦታ፣ ግድግዳው ያለ ማያያዣ ጭቃ በተገጣጠሙ የተጠረቡ ትናንሽ ድንጋዮች እንዲሁ በደረጃ ቅርጽ ያጌጠ። ክብ መሸመን ከባድ ነው፤ የሸማኔን ችሎታ ማየት ከፈለጋችሁ ክቡን እዩ። በ1970ዎቹ ደግሞ ገዢ ስለወደደው የፒካሶንና የኤሸርን ሥዕል ይሸምኑ ነበር። «ይሄማ ባህላቸው አይደለም» የሚል አይጠፋም። በጉስ ቢሆን የማን ነበር?

አሁን ወደ ዋጋ እንምጣ። ትንሽ የማትባል ምንጣፍ ሳምንታት፣ ረቂቅ ከሆነች ወራት ትወስዳለች። የተፈጥሮ ቀለም ደግሞ ከፋብሪካው እጅግ ይወደዳል። ስለዚህ መዳፋችሁ ላይ ኮቺኒያል ያሳያችሁ ቤት የሚሸጥላችሁ ምንጣፍ በፋብሪካ ቀለም የተነከረ ሊሆን ይችላል። በዓይን መለየት አስተማማኝ አይደለም። ቤተ ሙከራ ግን ይለየዋል፤ ከክሩ ቀለሙን አውጥቶ በክሮማቶግራፊ ሞለኪውሎቹን ይለያያል፣ ካርሚኒክ አሲድ ከተገኘ ኮቺኒያል አለበት ማለት ነው። ሙዚየሞች የጥንት ጨርቆችን የሚመረምሩት እንዲህ ነው። እናንተ ቤተ ሙከራ ይዛችሁ ስለማትዞሩ መጠየቅ ነው፦ ይቺን ማን ሸመናት? ስንት ቀን ፈጀች? ማቅለሚያውን ማየት እችላለሁ? የፋብሪካ ቀለም በራሱ ነውር የለበትም፣ በርካሽ ለሚገዛ ሰው ጥሩ ነው፤ ነውሩ አንዱን ሌላ ነው ብሎ መሸጥ ነው። አስጎብኚ ከሱቁ ኮሚሽን የሚቀበል ከሆነም ከምትከፍሉት ላይ የሸማኔው ድርሻ ያንሳል፤ እሱንም መጠየቅ ይቻላል።

ድሮ መሸመኛው ላይ የሚቆመው ወንድ ነበር፤ ሴቷ ታበጥራለች፣ ትፈትላለች፤ እኛ አገርም የምናውቀው የሥራ ክፍፍል ነው። ከ1980ዎቹ ወዲህ ግን የቴኦቲትላን ሴቶች የራሳቸውን የሸማኔ ማኅበራት እያቋቋሙ ሥራቸውን በራሳቸው ስም መሸጥ ጀምረዋል። ከምንጣፉ የሚገኘው ገንዘብ ከፊሉ ጌላጌትሳ ወደሚሉት መረዳጃ ይሄዳል። ሠርግ ወይም የበዓል ድግስ ሲኖር ጎረቤት ቶርቲያ፣ ካካዎ፣ ተርኪ ይዞ ይመጣል፤ ይህም ብድር ነው፣ ተራው ሲደርስ ይመለሳል። ቤተሰቡ ምን ሰጠ፣ ከማን ተቀበለ፣ ተርኪው ስንት ኪሎ ነበር፣ ሁሉም በደብተር ይጻፋል። ልጆች ካደጉ በኋላ የወላጆቻቸውን ደብተር አውጥተው የሚከፍሉበት ጊዜ አለ።