ባለ ክራሯ ተዋናይት

የአዳማ ጓደኞቼ፣ አስናቀች ወርቁን የምታውቋት በክራሯ እንደሆነ አልጠራጠርም። እኔ ግን ልነግራችሁ የጓጓሁት ስለ ተዋናይቷ አስናቀች ነው። እሷ ከሁሉ በፊት የመድረክ ሰው ነበረች፤ ዘፈኗም ቢሆን፣ እንደ እኔ፣ ግማሹ ትወና ነው።

ነገሩ እንዲገባችሁ ትንሽ ወደ ኋላ ልመልሳችሁ። ዘመናዊ ቴአትር በሀገራችን የጀመረው በንግሥት ዘውዲቱ ዘመን፣ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም በጻፉት «የአውሬዎች ኮሜዲያ» ነው። በ1927 ደግሞ የሀገር ፍቅር ማኅበር ተቋቋመ። ታዲያ በእነዚያ መድረኮች ሴት ገጸ ባሕርይ ስትመጣ፣ ቀሚስ ለብሶ፣ ሻሽ አስሮ፣ ድምፁን አቅጥኖ ብቅ የሚለው ወንድ ነበር! ሳቃችሁን ያዙት፤ ምክንያቱ አያስቅም። የጨዋ ልጅ በአደባባይ ቆማ ብትዘፍን ወይም ብትተውን «አዝማሪ ሆነች» ይባልና የቤተሰቧ ስም አብሮ ይነሣል። የትኛው አባት ይፈቅዳል?

እስቲ ይህን ከፓሪስ ጋር አስተያዩት። ፈረንሳዮች ከጅቡቲ የጀመሩት ሐዲድ ገና እኛ አዳማ ሳይደርስ፣ እ.ኤ.አ. በ1899 ሣራ በርናር የምትባል ተዋናይት የሼክስፒርን ሐምሌትን፣ ያውም ወንዱን ልዑል ራሱን፣ ሆና ተጫውታለች። በማግስቱ ዓመት ከዚያው ተውኔት የጎራዴ ፍልሚያው በፊልም ተቀረጸ። እዚያ ሴቷ ወንድ ሆና ሲጨበጨብላት፣ እዚህ ሴቷ ሴት ሆና ለመታየት ገና ብዙ ዓመት ይቀራት ነበር።

ያን በር ከከፈቱት ውስጥ ናት አስናቀች፤ እንዲያውም ብዙዎች የመጀመሪያዋ ይሏታል። የተወለደችው አዲስ አበባ፣ በዚያው በ1927 አካባቢ ነው። ወላጆቿን በልጅነቷ አጣች። ድፍረቷ ከየት መጣ ብትሉኝ፣ የሚከለክላት አባት አለመኖሩም ሳይረዳት አልቀረም እላለሁ፤ ይህ ግን የእኔ ግምት ነው። በ1940ዎቹ መድረክ ላይ ወጣች። በ1948 ዛሬ ብሔራዊ የምንለው የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር ተከፈተ፤ ለረጅም ዓመታት የሠራችውም እዚያ ነው። በዚያን ጊዜ የአንድ ምሽት ዝግጅት ዘፈኑንም፣ ውዝዋዜውንም፣ ድራማውንም አንድ ላይ የያዘ ስለነበር፣ ክራር የምትመታ ሴት ገጸ ባሕርይ ሆና መመለሷ ማንንም አይደንቅም። ትዘፍናለች፣ ትተውናለች፣ ግጥም ትደረድራለች፤ በሰምና ወርቅ ደግሞ የሚችላት አልነበረም።

እዚህ ላይ ነው የሚያንገበግበኝ። በርናርን ካሜራ ደረሰላት። የእኛው «ሂሩት አባቷ ማነው?» የተባለው የመጀመሪያው ረጅም የአማርኛ ፊልም ግን የመጣው በ1957 ነው፤ የኢትዮጵያ ቴሌቪዥንም የጀመረው በዚያው ዓመት። ከዚያ በፊት የነበረውን ምሽት ሁሉ የያዘው በቦታው የተገኘ ተመልካች ብቻ ነው፤ እሱም አርጅቷል። የተቀረጸው ክራሯ ስለሆነ፣ ሰዉ የሚያስታውሳት በክራሯ ሆነ።

ደግነቱ ክራሯ ብዙ ይዟል። ፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ የሚያዘጋጀው «ኢትዮፒክስ» የተባለው ተከታታይ አልበም 16ኛ ቅጹን እ.ኤ.አ. በ2003 ለእሷ ብቻ ሰጠ። ራሔል ሳሙኤልም ስለ ሕይወቷ «አስኒ» የተሰኘ ዘጋቢ ፊልም ሠርታለች፤ ፊልሙ የወጣው ግን እ.ኤ.አ. በ2013፣ አስናቀች መስከረም 3 ቀን 2004 ካረፈች በኋላ ነው።

አልበሙን ካገኛችሁ ስለ ዜማው ብዙ አትጨነቁ። ቃል ከመጣሏ በፊት ምን ያህል እንደምትቆይ፣ የትኛውን ስንኝ ለአንድ ሰው ብቻ በጆሮው እንደምትነግር አድርጋ እንደምትለው አድምጡ። ያን የለመደችው ቴአትር ቤት ነው።